ብርዱ ሲቀልል ፔንግዊን ለምን ይጎዳል?

ጥያቄ፦ «ፔንግዊኖች የሚኖሩት ከምድር ሁሉ በሚቀዘቅዘው ስፍራ ነው። የአየሩ ሙቀት ትንሽ ቢጨምር ኑሮ ሊቀልላቸው ሲገባ ለምን ይጠፋሉ ይባላል? ቦታው ካልተመቻቸውስ ወደ ሌላ ቦታ መሄድ ወይም በጊዜ ብዛት መልመድ አይችሉም?»

ምላሽ፦

ሙቀቱ ራሱ በቀጥታ የሚገድላቸው ፔንግዊኖች ጥቂት ናቸው። የሚጎዳቸው ሙቀቱ ከእግራቸው ሥር የሚወስደው ነገር ነው። በአንታርክቲካ ዙሪያ ከሚኖሩት ዝርያዎች ትልቁ፣ ንጉሠ ነገሥት ፔንግዊን የሚባለው፣ እንቁላሉን የሚታቀፈውም ጫጩቱን የሚያሳድገውም በአብዛኛው መሬት ላይ ሳይሆን በረዶ ሆኖ በረጋ ባሕር ላይ ነው። ለዚህ ወፍ በረዶ የአየር ጠባይ ብቻ አይደለም፤ አገሩ ነው። አየሩ በሁለትና በሦስት ዲግሪ ሲሞቅ ወፉ በሙቀት አይዝልም፤ የቆመበት ወለል ግን ከቀኑ ቀድሞ ይፈርሳል።

ወደ ዝርዝሩ ከመግባቴ በፊት፣ ዓመታቱን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እንደምጠቅስ ልብ ይበሉ። ወራቱን በለመድነው ስም እጠራቸዋለሁ፤ በደቡቡ ንፍቀ ክበብ ግንቦትና ሰኔ የጽኑ ክረምት መግቢያ፣ ታኅሣሥና ጥር ደግሞ በጋ ናቸው።

ፔንግዊን ሲባል አንድ ወፍ ብቻ አይደለም። ብዙውን ጊዜ 18 ዝርያዎች ይቆጠራሉ፤ አብዛኞቹም የሚኖሩት ከአንታርክቲካ በረዶ ርቀው ነው። የጋላፓጎሱ ፔንግዊን መኖሪያ የምድር ወገብ አካባቢ ሲሆን፣ የአፍሪካው ፔንግዊን ደግሞ በደቡብ አፍሪካና በናሚቢያ ዳርቻ ይራባል። በሰሜን ዋልታ አንድም የለም። ለጥያቄዎ ቁልፍ የሚሆኑት በአንታርክቲካ የሚራቡት ናቸው። እነርሱም ንጉሠ ነገሥት፣ አዴሊ፣ ቺንስትራፕና ጄንቱ ይባላሉ። አንዱን የሚጎዳው ነገር ሌላውን ሊጠቅም ስለሚችል ሁሉንም በአንድ ዓረፍተ ነገር ማጠቃለል አይቻልም።

ከንጉሠ ነገሥቱ ልጀምር። ቁመቱ ከአንድ ሜትር ያልፋል፤ በደህናው ጊዜ ክብደቱ 40 ኪሎ ሊደርስ ይችላል። የሚራባው ሌላው ወፍ ሁሉ አካባቢውን ለቆ በሚሸሽበት በክረምቱ ነው። በመጋቢትና በሚያዝያ ባሕሩ መርጋት ሲጀምር ከውኃው ወጥቶ፣ ከዳርቻው ጋር ተጣብቆ ወደሚጠነክረው በረዶ ያመራል። በግንቦትና በሰኔ እናቲቱ ግማሽ ኪሎ ገደማ የምትመዝን አንዲት እንቁላል ትጥላለች፤ ከዚያም ለአባትየው ታስረክበዋለች። ይህን ርክክብ ቀረብ ብሎ ማየት ብዙ ነገር ያስተምራል። ሁለቱ ፊት ለፊት ተጠጋግተው ይቆማሉ። እናቲቱ እግሯን ፈልቀቅ አድርጋ እንቁላሉን በረዶው ላይ ትለቀዋለች። አባትየው በመንቁሩ እየሳበ እግሮቹ ላይ ያወጣዋል፣ ከዚያም ከሆዱ በታች ባለው የቆዳ እጥፋት ይሸፍነዋል። ርክክቡ ከዘገየ እንቁላሉ በረዶው ላይ ቀዝቅዞ ይበላሻል፤ ጥንዶቹም ለዚያ ዓመት ሌላ እንቁላል አይኖራቸውም።

እናቲቱ ምግብ ፍለጋ ወደ ባሕር ትሄዳለች። አባትየው እንቁላሉን እግሩ ላይ ተሸክሞ ከሁለት ወር በላይ ይቆማል። ከባሕር ከወጣበት ቀን ጀምሮ እስኪመለስ ሲቆጠር አራት ወር ለሚጠጋ ጊዜ እህል ውኃ አይቀምስም፤ ከክብደቱም እስከ 40 በመቶ ያጣል። ብርዱ ከዜሮ በታች 40 ዲግሪና ከዚያም በላይ ሲከፋ፣ አባቶቹ በሺዎች ሆነው ይተቃቀፋሉ። ይህ ክምችት ረግቶ አይቆምም፤ በትንንሽ እርምጃ ያለማቋረጥ ይንቀሳቀሳል፣ በዳር የነበረው ቀስ በቀስ ወደ መሀል ይገባል። የመሀሉ ሙቀት አንዳንዴ እስከ 37 ዲግሪ ይደርሳል። ያን ጊዜ ክምችቱ ይበታተንና ወፎቹ ሙቀታቸውን ለነፋሱ ይለቃሉ።

አካሉም ለዚህ የተሠራ ነው። ላባው እርስ በርሱ ተደራርቦ አየር ያቅፋል፤ ከሥሩ ወፍራም የስብ ንብርብር አለ። ወደ እግሩ የሚወርደው ትኩስ ደም ከእግሩ ከሚመለሰው ቀዝቃዛ ደም ጋር ጎን ለጎን ስለሚያልፍ ሙቀቱን ለተመላሹ ያስረክባል፤ እግሩም በረዶ እንዳይሆን የሚበቃውን ያህል ብቻ ይሞቃል። በዚህ ምክንያት በረዶው ላይ ወራት ቆሞ አካሉ አይከስርም። የላባው የውጭ ገጽ አንዳንድ ጊዜ በዙሪያው ካለው አየር ራሱ ይቀዘቅዛል፤ ከውስጥ የሚያመልጠው ሙቀት ይህን ያህል ጥቂት ነው። ብቻውን የቆመ ንጉሠ ነገሥት ፔንግዊን ከዜሮ በታች 10 ዲግሪ ገደማ እስኪደርስ ድረስ ለመሞቅ ብሎ ተጨማሪ ጉልበት አያወጣም።

እንግዲህ ጉዳዩ የአካል ብቻ ቢሆን የእርስዎ አስተሳሰብ ልክ ነበር፤ ለስለስ ያለ ክረምት የአባትየውን ስብ ይቆጥብለት ነበር። ነገር ግን የዚህ ወፍ ሕይወት የተሰፋው ከበረዶው የጊዜ ሰሌዳ ጋር ነው። ጫጩቱ የሚፈለፈለው በሐምሌና በነሐሴ ነው። ሲፈለፈል የሚለብሰው ግራጫ ለስላሳ ጸጉር ብርድን እንጂ ውኃን አይከላከልም። ውኃ የማያስገባው ላባ በቅሎ የሚያበቃው በታኅሣሥና በጥር ነው። በረዶው እስከዚያ ካልቆየለት ጫጩቱ የሚሄድበት የለም። ባሕሩ ውስጥ የገባ እንደሆነ ጸጉሩ ይርሳል፣ ይቀዘቅዛል፣ ይሰምጣል።

ይህ በግምት የተባለ አይደለም። በ2022 መገባደጃ ከአንታርክቲካ ልሳነ ምድር በስተምዕራብ ባለው በቤሊንግስሃውዘን ባሕር በረዶው ከጊዜው ቀድሞ ተሰባበረ። በአካባቢው ከሚታወቁት አምስት የመራቢያ ሰፈሮች በአራቱ ጫጩቶቹ በሙሉ እንደሞቱ ይታመናል። ይህን ያስተዋሉት በብሪታንያ የአንታርክቲክ ጥናት ተቋም ያሉት ፒተር ፍሬትዌልና ባልደረቦቻቸው ናቸው፤ ያዩትም ከሳተላይት ምስል ነው። ወፎቹ ከጠፈር ሆኖ አንድ በአንድ ለመቁጠር ያስቸግራሉ፤ ኩሳቸው ግን ነጩ በረዶ ላይ ሰፊ ቡናማ ነጠብጣብ ይተዋል። በዚህ ዘዴ ዛሬ ከ60 በላይ ሰፈሮች ይታወቃሉ፤ ብዙዎቹን በእግሩ የረገጠ ሰው የለም። ሳይንቲስቶቹ በዚያ ዓመት ያዩት ቡናማው ምልክት እንደወትሮው በበጋው ቀስ ብሎ ሲደበዝዝ ሳይሆን፣ ከነበረበት በረዶ ጋር አንድ ላይ ሲጠፋ ነው።

ከዚያ በፊትም በዌዴል ባሕር ዳርቻ በሃሌይ ቤይ የነበረው ሰፈር ተመሳሳይ ዕጣ ገጥሞታል። በዓለም ሁለተኛው ትልቅ የንጉሠ ነገሥት ፔንግዊን ሰፈር ነበር፤ ከ2016 ጀምሮ ሦስት ዓመት በተከታታይ አንድም ጫጩት አላሳደገም ማለት ይቻላል። ብዙዎቹ ትልልቅ ወፎች ግን አልሞቱም። በስተደቡብ ወዳለው ወደ ዶሰን ላምብተን የበረዶ ግግር አካባቢ ሄዱ፤ በዚያ የነበረው ትንሽ ሰፈር በጥቂት ዓመታት ከአሥር እጥፍ በላይ አደገ። «ወደ ሌላ ቦታ አይሄዱም?» ለሚለው ጥያቄዎ እንግዲህ መልሱ ይሄዳሉ ነው። ሲሄዱ ግን የተሻለ በረዶ በአቅራቢያ መኖር አለበት። በ2022 እንደሆነው አንድ አካባቢ ሁሉ ባንድ ጊዜ ሲፈርስ፣ ጎረቤት የሚባለውም ሰፈር አብሮ ይፈርሳል።

ለምን አሁን? የአንታርክቲካ የባሕር በረዶ ለብዙ ዓመታት ግራ ሲያጋባን ቆይቷል፤ የሰሜኑ እየቀነሰ ሲሄድ የደቡቡ እስከ 2014 ድረስ በመጠኑ ይጨምር ነበር። ከ2016 ወዲህ ግን በጉልህ ወድቋል። በየካቲት 2023 በሳተላይት መለካት ከተጀመረ ወዲህ ዝቅተኛው መጠን፣ 1.79 ሚሊዮን ካሬ ኪሎ ሜትር፣ ተመዘገበ። በዚያው ዓመት ክረምት ደግሞ የበረዶው ከፍተኛ ስፋት ከቀድሞው ዝቅተኛ መዝገብ በአንድ ሚሊዮን ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ አንሶ ተገኘ። ዋነኛው ተጠያቂ ከሥር የሚመጣው የሞቀ የባሕር ውኃ እንደሆነ ብዙ ባለሙያዎች ያምናሉ፤ የነፋሱም አቅጣጫ ድርሻ አለው።

በረዶው የሚያስፈልገው ለጫጩት ብቻ እንዳይመስልዎት። ትልልቆቹ ወፎች በየዓመቱ በበጋው ማብቂያ ላባቸውን በሙሉ አራግፈው አዲስ ያበቅላሉ። ያ ወር ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው በጾም የሚያልፍ ነው፤ ላባቸው ውኃ ስለሚያስገባ ባሕር ውስጥ መግባት አይችሉም። በጥርና በየካቲት የሚቆሙበት በረዶ ካላገኙ ራሳቸው አደጋ ላይ ናቸው። ከሁሉም በላይ የሚያሳስበኝ ይህ ነው፤ ረጅም ዕድሜ ያለው ወፍ አንድ ዓመት ጫጩት ቢያጣ በሚቀጥለው ይክሳል፣ ወላጁ ራሱ ከሞተ ግን የሚክስ የለም።

አሁን ደግሞ ነገሩን የሚያወሳስበውን ልንገርዎት። በረዶ ሲበዛም ይገድላል። አዴሊ ፔንግዊን ጎጆውን በረዶ በሌለበት ድንጋያማ መሬት ላይ ከጠጠር ይሠራል፤ ለምግቡ ግን በረዶው በአቅራቢያ ያስፈልገዋል። በምሥራቅ አንታርክቲካ ፈረንሳዮች በሚያጠኑት አዴሊ ምድር በ2017 መጀመሪያ ላይ በበጋው የባሕሩ በረዶ ሳይለቅ ቀረ። ወላጆቹ ክፍት ውኃ ለማግኘት ሩቅ መጓዝ ነበረባቸው፣ ሲመለሱም ጫጩቶቹ በረሀብ አልቀው ነበር። 18 ሺህ ያህል ጥንዶች ከነበሩበት ሰፈር በሕይወት የተገኙት ጫጩቶች ሁለት ብቻ ናቸው። ከሦስት ዓመት በፊትም እዚያው ሰፈር አንድም አልተረፈም ነበር፤ ያን ጊዜ ከበረዶው ብዛት በተጨማሪ ዝናብ ዘንቦ ነበር።

ዝናቡን በቀላሉ አልፈው እንዳይሄዱ። አንታርክቲካ በመሠረቱ ደረቅ አህጉር ነው፤ የሚወርደውም በዱቄት መልክ ነው። የአዴሊ ጫጩት ዱቄቱን በረዶ አራግፎ ይጥላል። ዝናብ ሲዘንብ ግን ያ ለስላሳ ጸጉር እንደ ረጠበ ጥጥ ሰውነቱ ላይ ይለጠፋል፤ ያቀፈው አየር ሁሉ ይወጣል። ከዝናቡ በኋላ ነፋስ ከተነሣ ጫጩቱ በሰዓታት ውስጥ ይሞታል፤ ትልቁ ወፍ ግን አጠገቡ ሆኖ ምንም አይሆንም። እርጥብና ሞቅ ያለ አየር በልሳነ ምድሩ ላይ ከባድ በረዶም ያወርዳል፤ ያ በረዶ በእንቁላል ወቅት ሲቀልጥ ጎጆዎቹ ይጥለቀለቃሉ። እንግዲህ ብርዱ ቀለል ማለቱ የሚገድልበት አንዱ መንገድ ይህ ነው።

ስለዚህ ለአዴሊ ካርታው ሁለት ቀለም አለው። የአንታርክቲካ ልሳነ ምድር ከ1950 ወዲህ ወደ ሦስት ዲግሪ የሚጠጋ ሞቋል፤ በጥር መጨረሻ 2020 በኤስፔራንዛ ጣቢያ 18.3 ዲግሪ ተለክቷል። በዚህ ልሳነ ምድር ምዕራባዊ ዳርቻ፣ በአንቨርስ ደሴት ዙሪያ፣ የአዴሊ ጥንዶች ከ1970ዎቹ ወዲህ ከአምስት አራት እጁ በላይ ጠፍተዋል። በሮስ ባሕርና በሌሎች የምሥራቅ ዳርቻዎች ግን ቁጥራቸው ደህና ነው፤ ጨምሯልም። ከልሳነ ምድሩ ሰሜናዊ ጫፍ በዌዴል ባሕር በኩል ያሉትን የዴንጀር ደሴቶች የጎበኙ ተመራማሪዎች በ2018 ያሳተሙት ቆጠራ ከ750 ሺህ በላይ የአዴሊ ጥንዶች አስመዘገበ፤ ማንም ያን ያህል አልጠበቀም። በዚያ በኩል በረዶው ገና አለ።

ምግቡም ከበረዶው ጋር የተሳሰረ ነው። ክሪል የሚባለው ሽሪምፕ መሰል ፍጥረት ርዝመቱ ከአንድ ጣት አያልፍም፤ የአካባቢው ፔንግዊን፣ ዓሣ ነባሪና አቆስጣ ሁሉ ግን በእርሱ ላይ ይኖራል። ግልገል ክሪል ክረምቱን የሚያሳልፈው በባሕር በረዶው ታችኛ ገጽ ላይ የሚበቅለውን አልጌ እየፋቀ ነው። በረዶው በሳሳ ቁጥር ክረምቱን የሚሻገረው ክሪል ያንሳል። ቺንስትራፕ የሚባለው ፔንግዊን ምግቡ ክሪል ብቻ ነው ማለት ይቻላል፤ በኤሌፋንት ደሴት ላይ ቁጥሩ ከ1971 እስከ 2020 ባለው ጊዜ ወደ 60 በመቶ ወርዷል። ይህ ወፍ ጎጆው ላይ ሆኖ በአማካይ አራት ሰከንድ ብቻ የሚቆዩ እንቅልፎችን በቀን ከአሥር ሺህ ጊዜ በላይ እንደሚተኛ በ2023 ታውቋል። እንቁላሉን ከሚዘርፉ ወፎች ዓይኑን ሳያነሣ የሚያርፈው እንዲህ ነው። እንዲህ ያለ ጥንቁቅ ወላጅ በምግብ እጦት ሲሸነፍ ማየት ያሳዝነኛል።

የሚያሸንፍም አለ። ጄንቱ በረዶ አይወድም፤ ክሪል ባይኖር ዓሣ፣ ዓሣ ባይኖር ስኩዊድ ይበላል። እንቁላሉ ገና በጅምሩ ከጠፋ ሌላ ሊጥል ይችላል፤ ጎጆ የሚሠራበትንም ቀን እንደ ዓመቱ ያስኬደዋል። በልሳነ ምድሩ ቀድሞ አዴሊ ብቻ ይታይባቸው በነበሩ ዳርቻዎች ዛሬ ጄንቱ እየሰፈረ ወደ ደቡብ ይገፋል። «ፔንግዊን መልመድ ይችላል?» ለሚለው ጥያቄዎ ጄንቱ አዎ የሚል መልስ ነው። ልዩነቱ ጄንቱ ቀድሞውንም ብዙ አማራጭ የነበረው ወፍ መሆኑ ነው፤ አዲስ ጠባይ አልፈጠረም።

ንጉሠ ነገሥቱስ? በዘር ማስረጃው ስንመለከት በመጨረሻው የበረዶ ዘመን፣ በረዶው ከመጠን በላይ ሰፍቶ ባሕሩን በዘጋበት ጊዜ፣ ቁጥሩ ከዛሬው በብዙ እጥፍ ያነሰ ነበር። በኋላ አየሩ ለዘብ ሲል በዛ። ስለዚህ ይህ ወፍ የብርድ ወዳጅ ሳይሆን የመካከለኛ በረዶ ወዳጅ ነው፤ ለውጥንም ያውቃል። ያ ለውጥ ግን በሺህ ዓመታት የተዘረጋ ነበር። አንድ ንጉሠ ነገሥት ፔንግዊን መራባት የሚጀምረው አምስት ዓመት ገደማ ሲሆነው ነው፤ በዓመት ቢሳካለት አንድ ጫጩት ያሳድጋል። እስከ ምዕተ ዓመቱ ማብቂያ የሚቀረው ጊዜ ለዚህ ወፍ ጥቂት ትውልዶች ብቻ ነው። ከትውልድ ወደ ትውልድ የሚተላለፍ ለውጥ በዚህ ፍጥነት አይመጣም። ጥቂት ሰፈሮች የባሕሩ በረዶ ሲዘገይ ከፍ ወዳለው ተንሳፋፊ የበረዶ ግግር ወጥተው ሲራቡ ታይተዋል፤ ይህ የሚያበረታታ ነው፣ ነገር ግን በየቦታው የሚወጣበት ተዳፋት የለም።

ሰው ወስዶ ሌላ ቦታ ቢያሰፍራቸውስ? በ1936 ኖርዌይ ውስጥ ንጉሥ ፔንግዊን ከሚባለው ከሌላ ዝርያ ጥቂት ወፎችን ሎፎተን ደሴቶች አካባቢ ለቀው ሞክረው ነበር። ዘር ሳይተኩ ጠፉ። ንጉሥ ፔንግዊን ደግሞ የባሕር በረዶ የማይፈልግ ወፍ ነው፤ ጫጩቱን የሚያሳድግበት የበረዶ ወለል የሚያስፈልገውን ንጉሠ ነገሥት ወደ ሰሜን ዋልታ ማዛወር፣ በረዶው በፍጥነት እየሸሸ ወዳለበት፣ ነጭ ድቦችና ቀበሮዎችም ወዳሉበት ስፍራ መውሰድ ነው። ይህን ሐሳብ የሚያነሱ ሰዎች በቅንነት እንደሚያነሱት አውቃለሁ፤ ይሆናል ብዬ ግን አላምንም።

ያለው መፍትሔ ሁለት ደረጃ አለው። ዋናው የሙቀቱ ምንጭ ነው። በ2021 የታተመ ጥናት እንዳሰላው የካርቦን ልቀቱ በዚያን ጊዜው አካሄድ ከቀጠለ፣ እስከ 2100 ድረስ ከንጉሠ ነገሥት ፔንግዊን ሰፈሮች መካከል 98 በመቶው ወደ መጥፋት ይቃረባል። ጭማሪው ከ1.5 ወይም ከ2 ዲግሪ ሳያልፍ ከተገታ አብዛኞቹ ሊተርፉ ይችላሉ። ከእነዚህ ቁጥሮች መካከል ያለው ርቀት ከማንኛውም የጥበቃ ሥራ ይበልጣል፤ አሜሪካ በ2022 ይህን ወፍ ለአደጋ ከተጋለጡት መዝገብ ውስጥ ያስገባችውም በዚሁ ምክንያት ነው።

ሁለተኛው፣ አየሩ እስኪስተካከል ድረስ ሌላውን ጫና ማቅለል ነው። ክሪል ለዓሣ እርባታ መኖና ለዘይት እንክብል በመርከብ ይጠመዳል። በልሳነ ምድሩና በደቡብ አትላንቲክ ዙሪያ በዓመት የሚፈቀደው 620 ሺህ ቶን ነው፤ በ2025 ለመጀመሪያ ጊዜ ገደቡ ስለተነካ ማጥመጃው ከወቅቱ ቀድሞ ተዘግቷል። ከጠቅላላው የክሪል ብዛት አንጻር መጠኑ ትንሽ ሊባል ይችላል፤ ችግሩ መርከቦቹ የሚሰበሰቡት ወላጅ ፔንግዊኖች ለጫጩት ምግብ በሚለቅሙባቸው ጠባብ ቦታዎች መሆኑ ነው። የደቡብ ውቅያኖስን የባሕር ሀብት የሚያስተዳድረው ኮሚሽን በ2016 በሮስ ባሕር 1.55 ሚሊዮን ካሬ ኪሎ ሜትር የሚሸፍን ጥብቅ ክልል አጽድቋል፤ በዓለም ካሉት ብዙ የአዴሊና የንጉሠ ነገሥት ሰፈሮች የሚመገቡት በዚያ ነው። ለልሳነ ምድሩ፣ ለዌዴል ባሕርና ለምሥራቅ አንታርክቲካ የቀረቡት ተመሳሳይ ሐሳቦች ግን ለዓመታት ተንጠልጥለዋል፤ ኮሚሽኑ የሚወስነው በሁሉም አባላት ስምምነት ስለሆነ ሩሲያና ቻይና ሳይቀበሉ ማለፍ አልተቻለም። የሮስ ባሕሩም ክልል ለዘለዓለም የተሰጠ አይደለም፤ ውሉ በ2017 መጨረሻ ሥራ ላይ የዋለው ለ35 ዓመት ሲሆን በ2052 ያበቃል። በዚያ ዓመት የሚታደሰው ወይም የሚቀረው እንደገና በሁሉም አባላት ድምፅ ነው።